ሞጣ ላይ የሞትኩ ዕለት

ሰው አንድ ጊዜ ነው የሚሞተው የሚሏችሁን አትስሟቸው። እኔ በሰኞ ቀን፣ ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት ገደማ፣ ሞጣ ከተማ ውስጥ አዳራሽ ሙሉ ሰው ፊት ሞቻለሁ። በማግስቱ አውቶቡስ ተሳፍሬ ቢቸና ገብቻለሁ፤ ያውም መስኮት አጠገብ ተቀምጬ። ሞት እንዲህ ቀላል መሆኑን ባውቅ ኖሮ ቀደም ብዬ እሞክረው ነበር።

ነገሩን ከሥሩ ልንገራችሁ፤ አለዚያ ዘፋኝ ነው፣ ያጋንናል ትላላችሁ። ማጋነኑስ የት ይቀራል።

እኔ የሰርግ ዘፋኝ ነኝ። ከቢቸና እስከ ሞጣ፣ ወዲያም እስከ ሮብ ገበያ፣ በኦርጋኔ ያልዳርኩት ሙሽራ ጥቂት ነው። አንድ ነጠላ ዜማም አለኝ፤ «ባጃጇ ደርሳለች» ይባላል። የፍቅር ዘፈን ነው። ዋናዋ ባጃጇ ውስጥ ያለችው ልጅ ናት እንጂ ባጃጇ አይደለችም፤ ግን ይህን ለባጃጅ ሾፌሮች ማን ያስረዳቸው? የሙያቸው መዝሙር አደረጉት። ዛሬ ቢቸና ውስጥ ባጃጅ ተሳፍሮ የእኔን ድምፅ ሳይሰማ የሚወርድ ሰው አታገኙም።

ከአንድ ሰው በቀር ማለቴ ነው። እሳቸውም አባቴ ናቸው።

አባቴ መሪጌታ ናቸው። ዕድሜ ልካቸውን ዜማ ሲያስተምሩ የኖሩ፣ ድምፅ ምን እንደሆነ የሚያውቁ ሰው። ልጅ ሳለሁ እኔንም አስተምረውኛል፤ «ይህ ልጅ ይተካኛል» ብለው ለጎረቤቱ ሁሉ ተናግረው ነበር። እኔ ደግሞ ጢሜ ሳያቆጠቁጥ ኦርጋን ተከትዬ ሄድኩ። አባቴ አልተቆጡም፤ አልረገሙኝም። ዝም ብለው ዘፈኔን አለመስማት ጀመሩ። እንዴት አድርገው መሰላችሁ? ባጃጅ ይሳፈራሉ፤ ዘፈኑ ይጀምራል፤ «ወራጅ አለ» ይላሉ። ሌላ ያስቆማሉ፤ እዚያም እኔ ነኝ፤ ይወርዳሉ። በመጨረሻ ነገሩ ሰለቻቸውና ባጃጅ የሚባለውን ነገር ጨርሰው ተዉት። ሌላው ዘፋኝ በዘፈኑ ሰው ያስጨፍራል፤ እኔ አባቴን በእርጅናቸው ዳገት አስወጣለሁ። የሰርግ መኪና ድምፅ ማጉያውን አንጠልጥሎ በደጃቸው ሲያልፍም በሩን እንደሚዘጉ ጎረቤት ነግሮኛል። እናቴ ዘፈኔን የስልኳ ጥሪ አድርጋዋለች፤ ታዲያ እሳቸው ሲገቡ ስልኩን ትራስ ሥር ትከተዋለች። ስልኩ ትራስ ሥር ሆኖ ሲዘፍን እሷ ትስላለች። አባቴ እናቴን የሳል በሽተኛ አድርገዋት፣ በየጊዜው ጠበል ጠበል ይሏታል።

አሁን ደግሞ አንድ ነገር ላስረዳችሁ፤ ያለሱ የእኔ ሞት አይገባችሁም። በእኛ አገር ሰርግ ላይ ዘፋኝ የራሱን ብቻ ዘፍኖ አይወርድም። ከታዳሚው አንዱ ይነሣና «ተቀበል» ይላል። ሁለት ስንኝ ይሰጥሃል፤ አንተ ያንኑ ሳትጨምር ሳትቀንስ በዜማ ታወርድለታለህ። ስንኝ ተሰጥቶህ ሳትቀበል መቅረት ሰላም ያለህን ሰው ዘግተህ እንደማለፍ ነው፤ ነውር ነው። እኔ አሥራ አምስት ዓመት ስቀበል የኖርኩ ሰው ነኝ። ልማድ ያሰርቃል ከማድ እንዲሉ፣ ቃሉን ስሰማ አፌ እኔን ሳያማክር ይከፈታል። አንድ ጊዜ ጤና ጣቢያ ወረፋ ይዤ ሳለሁ ነርሷ ለሌላ ሰው «መድኃኒትህን ተቀበል» ብላው፣ «መድኃኒትህን» ብዬ ዜማ ጀምሬ አውቃለሁ።

እኅቴ ስትዳር የዘፈንኩት እኔ ነኝ። አጎቶቼ ሁሉ ስንኝ ሰጡኝ፤ ሽማግሌዎቹ ሰጡኝ፤ ሙሽራው ራሱ ሚዜውን አስፈቅዶ ሰጠኝ። አባቴ ግን ገና ኦርጋኑ ሲሰካ መቋሚያቸውን አንሥተው ወጡ። ያን ዕለት የቆረጠኝ እስከ ዛሬ አልሻረልኝም። ሀብትም ዝናም አልተመኘሁም። አባቴ አንድ ቀን ከሰው መሐል ተነሥተው «ተቀበል» እንዲሉኝ ብቻ ነው የምመኘው።

እንግዲህ ባለፈው ዐቢይ ጾም ነው ነገሩ የተጀመረው። በጾም ሰርግ የለም፤ እኔም ኦርጋኑም አብረን እንጾማለን። አንድ ቀን ከሞጣ ስልክ ተደወለልኝ። መምህር ይበልጣል የሚባል አማርኛ አስተማሪ ነው፤ የቴአትር ቡድን አቋቁሟል።

«ሙዚቃዊ ቴአትር ልናሳይ ነው» አለኝ። «ንግግሩ ሁሉ በዘፈን ነው። ዋናው ገጸ ባሕርይ አንተ ነህ።»

ዋናው ሲለኝ የቀረውን አልሰማሁም። በማግስቱ ሞጣ ነበርኩ። ታሪኩን ነገረኝ። ሁለት ወንድማማቾች በእርሻ ወሰን ይጣላሉ፤ ታናሹ ታላቁን ይገድለዋል፤ ይጸጸታል፤ በመጨረሻ የሟች ሚስት ይቅር ትለዋለች። ቴአትሩ ሦስት ገቢር ነው። እኔ ታላቁ ወንድም ነኝ። የምሞተውም በመጀመሪያው ገቢር መጨረሻ ላይ ነው።

«ከዚያስ?» አልኩት።

«ከዚያማ ሬሳ ሆነህ ትተኛለሃ።»

«ሁለት ገቢር ሙሉ?»

«ዋናው ማለት እኮ ይኸ ነው ወንድሜ። እንግዲህ ሁሉም ስለ አንተ ነው የሚያለቅሰው።»

ዘፋኝ ሞኝ ነው፤ አገር ያለቅስልሃል ካሉት ሬሳ ለመሆንም አያንገራግርም። ደግሞ ልቤ ውስጥ ሌላ ስሌት ነበረኝ። አባቴ የሚሸሹት ዘፈን ነው እንጂ ቴአትር አይደለም። ቴአትር ብዬ ጋብዤ፣ እግረ መንገዴን ድምፄን ባሰማቸውስ? ይህን ያሰብኩት ስመጣ አውቶቡስ ውስጥ ነው፤ ከዚያ ወዲህ እንቅልፍ አልወሰደኝም።

ልምምድ ተጀመረ። የመጀመሪያው ቀን ማይክሮፎን ጠየቅኩ፤ የለም ተባልኩ። ኢኮስ? አልኩ። ኢኮ ድምፅህን እያስተጋባ የሚያሳምርልህ መሣሪያ ነው፤ ለሰርግ ዘፋኝ ከሥጋ ዘመድ ይቀርባል። እሱም የለም። «ቴአትር በባዶ ድምፅ ነው» አለኝ ይበልጣል። እሺ ብዬ በባዶ ድምፄ አንድ ስንኝ አወጣሁ። አሥራ አምስት ዓመት ከኢኮ ጋር ኖሬ የራሴን ድምፅ ብቻውን ስሰማው የመጀመሪያ ጊዜዬ ነበርና ዞር ብዬ ማን ነው ብያለሁ።

ልማዴ ደግሞ አስቸገረ። ወንድሜን ሆኖ የሚጫወተው ሙሉቀን የሚባል ፀጉር አስተካካይ ነው። እሱ ዱላ ይዞ በወሰን ሲያፋጥጠኝ እኔ መሐል ላይ «እጅ ወደ ላይ» እላለሁ። አንድ ቀን ተመትቼ ወድቄ፣ ነፍሴ ልትወጣ ስትል፣ «የሙሽራው ቤተሰቦች፣ እናመሰግናለን» ብዬ ነው የሞትኩት። ሬሳነቱም ቢሆን ቀላል ሥራ አይደለም። ጾም ነው፤ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ምንም አልቀመስኩም፤ ሚስቴን ሆና የምትጫወተው ስንታየሁ ደረቷን እየመታች ስታለቅስልኝ ሆዴ ይጮሃል። ስንታየሁ ፋርማሲ የምትሠራ ጨዋ ልጅ ናት፤ ድምፅዋ የሚያባባ። ለቅሶዋን አቋርጣ «መምህር፣ ሬሳው ርቦታል» ትላለች።

ሙሉቀን እንደኔ ያለ ሰው አግኝቶ እንዴት ዝም ይበል? አንድ ከሰዓት ነጠላ ተከናንቤ ሬሳ ሆኜ እንደተኛሁ ጆሮዬ ሥር መጥቶ «ተቀበል» አለና የፌዝ ስንኝ ወረወረልኝ። ቀጥ ብዬ ተነሥቼ ተቀበልኩት። ስንታየሁ ጮኸች። መምህር ይበልጣል በዚያው ዕለት ሕግ አወጣ፤ ከዛሬ ጀምሮ በዚህ አዳራሽ «ተቀበል» የሚል ቃል አይነገርም አለ። በወረቀት ጽፎም በሩ ላይ ለጠፈው። ያላነበበው ሰው እንደሚመጣ በምን ይወቅ።

ሆሣዕና ሳይገባ አባቴን ከቤተ ክርስቲያን ሲመለሱ መንገድ ላይ ጠብቄ አገኘኋቸው። በእግራቸው ነው መቼም። ጉልበት ስሜ አብሬያቸው ሄድኩ።

«አባዬ፣ ከፋሲካ በኋላ ሞጣ ላይ ቴአትር ልናሳይ ነው። ስለ ዕርቅ ነው። አንቱም ቢመጡልኝ ብዬ ነበር።»

ትንሽ ሄዱ። «አንተ ምን ትሠራበታለህ?» አሉ።

መዋሸት አልፈለግኩም። እውነቱን ሙሉውን ማውጣትም አልፈለግኩም።

«እሞታለሁ፣ አባዬ።»

መቋሚያቸውን ተክለው ቆሙና ከላይ እስከ ታች አዩኝ።

«ከዘፈን ሞት ይሻላል» አሉ። «እመጣለሁ።»

አባቱ እንዲህ ብሎት በደስታ የዘለለ ልጅ ከእኔ ሌላ ያለ አይመስለኝም። ቢሆንም ካልታዘልኩ አላምንም እንዳለችው ሙሽራ፣ ሞጣ ላይ በዓይኔ ካላየኋቸው አላምንም ብዬ ጠበቅኩ።

ቀኑ ደረሰ። ቅዳሜ አዳራሹ ስብሰባ ነበረበት፤ እሑድ ዳግማይ ትንሣኤ ነውና ሰርግ ነበረበት፤ ለእኛ ሰኞ ደረሰን። የመከራው ሁሉ መጀመሪያ ይኸው ነው። መድረኩ ላይ የትናንቱ ሰርግ የወረቀት አበባና ፊኛ አልተነሣም። ሰዉም ግማሹ የትናንቱ ሰርገኛ ነው፤ ልብሱን እንኳ አልቀየረም። እኔን ደግሞ የሚያውቀኝ በሰርግ ነው። በመጋረጃው ቀዳዳ አጮልቄ ሳይ አባቴ በመጀመሪያው አውቶቡስ መጥተው፣ ነጭ ጥምጥማቸውን አድርገው፣ መቋሚያቸውን በጉልበታቸው መሐል አቁመው ሁለተኛው ረድፍ ላይ ተቀምጠዋል። ሞፈሬን ገልብጬ ተሸከምኩ። «ምን ሆንክ?» አለኝ ይበልጣል። «ምንም፣ ለመሞት ቸኩዬ ነው» አልኩት።

መጋረጃው ተከፈተ። ሞፈር ተሸክሜ ገበሬ ሆኜ ገባሁ፤ ገና አፌን ስከፍት እልልታው ቀለጠ። አንዲት እናት መድረክ ላይ ወጥተው ትከሻቸውን ሰበቁልኝ። አንዱ ጎረምሳ ተከትሎ ወጥቶ ግንባሬ ላይ ብር ለጠፈልኝ። እኔ ብር ግንባሬ ላይ ተለጥፎ ስለ ድህነቴ እዘፍናለሁ። አባቴን በዓይኔ ፈለግኳቸው፤ መቋሚያቸውን ጨብጠው ወደ በሩ ያያሉ። ሊወጡ ነው አልኩ። ደግነቱ በዚያው ቅጽበት ሙሉቀን ዱላውን ይዞ ገባና ጠቡ ተጀመረ፤ አባቴም ነገሩን ለማየት ተረጋጉ።

ጠቡ ጦፈ። «ወሰኔን ገፋህ» ይላል እሱ በዜማ፤ «አልገፋሁም» እላለሁ እኔ በዜማ። ሙሉቀን ዱላውን ከፍ አድርጎ ሊሰነዝር ሲል ከፊት ረድፍ አንድ ሽማግሌ ከነጋቢያቸው ተነሡ። ኋላ ስማቸው አያ ቸኮል መሆኑን ሰማሁ። አንድ ባልንጀራቸውን አስከትለው ደረጃውን ቀስ እያሉ ወጡና መካከላችን ገቡ።

«ተው ልጆች፣ ተው» አሉ።

ይበልጣል ከመጋረጃው ጀርባ እየሮጠ ወጣ። «አባቶች፣ ቴአትር እኮ ነው።»

«ቴአትር መሆኑን አላጣነውም» አሉ አያ ቸኮል። «ቴአትርስ ቢሆን፣ ይህ ሁሉ ሰው ተቀምጦ እያየ ወንድም ወንድሙን ይግደል? ነገ ሞጣ ሽማግሌ የለም ሊባል ነው?»

ይበልጣል ድርሰቱን ጠቅልሎ ወደ መጋረጃው ጀርባ ተመለሰ።

ሽማግሌዎቹ ሞፈሬ ላይ ተቀምጠው ዳኙን። ወሰኑ የት ነው ብለው ሙሉቀንን ጠየቁት፤ ድርሰቱ ላይ ሾላው ሥር ይላል፤ ሾላ ስለሌለ ፊኛውን አሳያቸው። እኔን ጠየቁኝ፤ እኔም ሌላውን ፊኛ አሳየሁ። ሁለቱ ተመካከሩና መሬቱን እኩል አካፈሉን። «በሉ ተሳሳሙ» አሉ። ተሳሳምን። አዳራሹ አጨበጨበ፤ አባቴም ደስ ብሏቸው ራሳቸውን ሲነቀንቁ አየኋቸው። ሽማግሌዎቹ መርቀውን ወርደው ተቀመጡ።

አሁን ምን ይሁን? የታረቀ ወንድም አይገድል። ሁለት ገቢር ሙሉ ሊለቀስልኝ የተዘጋጀሁት ሰውዬ ግን መድረክ መሐል በጤናዬ ቆሜያለሁ። ስንታየሁ ጥቁር ለብሳ ከመጋረጃ ጀርባ ትጠብቃለች። ይበልጣል በጉልበቱ እየዳኸ መጋረጃው ጥግ መጣ።

«ሙት» አለኝ በሹክሹክታ።

«በምን ልሙት?»

«በፈለግከው።»

«ታርቀናል እኮ።»

«በሕመም ሙታ» አለኝ ላቡን እየጠረገ።

ከሞቱ አሟሟቱ የሚባለውን ያን ጊዜ ነው የገባኝ። ሆዴን ይዤ፣ ተንገዳግጄ፣ ወደቅኩ። አዳራሹ ጸጥ አለ። ከኋላ አንዲት ሴት «ምን አብልታው ነው?» ስትል ሰማሁ። ሌላዋ «ሚስቱ ናታ፣ ሌላ ማን ይሆናል» አለች። ምስኪን ስንታየሁ በዚያ ጥቁር ልብሷ ስትወጣ ግማሹ አዳራሽ ባሏን መርዛ የገደለች ሴት አድርጎ አፈጠጠባት። ሙሉቀንም ሌላ መዝሙር ስላልተማረ ያንኑ የጸጸት ዘፈኑን ጀመረ። «ወንድሜን በእጄ ገደልኩት» እያለ ደረቱን ሲመታ አያ ቸኮል ከወንበራቸው ሆነው «አንተማ ምን አደረግክ ልጄ፣ እኛ ምስክር ነን» አሉት።

አልጋ ላይ አጋድመው ነጠላ አለበሱኝ። ነጠላው ስስ ነው፤ በውስጡ ጥቂት ጥቂት ይታየኛል። ስንታየሁ ማልቀስ ጀመረች። አዳራሹ መጀመሪያ ላይ ጥርጣሬው አልለቀቀውም ነበር፤ ግን ያቺ ልጅ ድምፅዋ አንጀት ይበላል። አንዷ እናት ነጠላዋን ዓይኗ ላይ አደረገች። ሌላዋ ተከተለች። ከዚያ ማን ይያዛቸው፤ በእኛ አገር ለቅሶ ላይ ሰው የሟችን ብቻ አያለቅስም፤ የራሱንም ሟች ይዞ ይመጣል። ትንሽ ቆይቶ አዳራሹ እውነተኛ ለቅሶ ቤት ሆነ። እኔም ነጠላው ሥር ሆኜ ለራሴ አለቀስኩ፤ አሳዝኛለሁ።

በዚህ መሐል ነው መቋሚያ ወለሉን ሁለት ጊዜ ሲመታ የሰማሁት። ያን ድምፅ አውቀዋለሁ፤ ልጅ ሆኜ ትምህርት ላይ ሳንቀላፋ የምነቃበት ድምፅ ነው።

«አንቺ ልጅ፣ እስቲ ተቀበይኝ» አሉ አባቴ።

ቆመዋል።

«ደጄን ሲያልፍ ድምፁ በሬን እየዘጋሁ፣
ዛሬ ዝም ቢልብኝ ልሰማው ተነሣሁ።»

አዳራሹ «ኧሕ» አለ። ስንታየሁን ጠበቀ። ስንታየሁ ድርሰቱን በቃሏ አጥንታ የመጣች የፋርማሲ ሠራተኛ ናት፤ መቀበል ማን አስተማራት? አፏን ከፈተች፤ መልሳ ዘጋችው። አባቴ እንደቆሙ ናቸው። ይታያችሁ፣ አባቴ በሕይወታቸው ስለ እኔ የሰጡት የመጀመሪያ ስንኝ ነው፤ ለሌላ ሰው ተሰጥቶ፣ የሚቀበለው ጠፍቶ፣ አዳራሽ ሙሉ ሰው ፊት ሊወድቅ ነው። አባቴ ሊያፍሩ ነው። ይበልጣል በር ላይ የለጠፈውን ረሳሁት አልልም፤ አስታውሼዋለሁ። ግን እኔ ሬሳ ሆኜ ልቅር ብዬ የአባቴ ስንኝ መሬት ይውደቅ?

ተቀበልኩ።

የሰርግ ዜማ አልመጣልኝም። የመጣልኝ ልጅ ሳለሁ አመሻሽ ላይ አባቴ ግቢያችን ውስጥ ብቻቸውን ወዲያ ወዲህ እያሉ የሚያንጎራጉሩት ዜማ ነው። ኢኮ የለ፣ ኦርጋን የለ፣ በዚያ ባዶ ድምፄ፣ ሳልጨምር ሳልቀንስ አወረድኩት። መጀመሪያ ድምፁ ከየት እንደመጣ ማንም አላወቀም። ኋላ አንዲት ሴት አፌ ላይ ያለው ነጠላ ከፍ ዝቅ ሲል አየች። ጩኸቱን ልተወው። አግዳሚ ወንበር ተገለበጠ፤ የኋላው ሰው ወደ በሩ ተጋፋ፤ ስንታየሁ ሙሉቀን ላይ ወደቀች፤ አያ ቸኮል ሦስት ጊዜ አማተቡ። እኔ ግን ስንኝ ከተጀመረ መሐል ላይ አይቆምምና ጨረስኩት። ትንፋሽ ሲያጥረኝ ተነሥቼ አልጋው ላይ ተቀመጥኩ።

ከአባቴ ጋር ተያየን። እንባቸው ጢማቸው ላይ ነው። መቋሚያቸውን ሊያነሡ ሲሉ በቃ ሊወጡ ነው፣ እንደ እኅቴ ሰርግ ሊወጡ ነው አልኩ። ወለሉን መቱበት።

«ተቀበል» አሉኝ።

እኔን ነው ያሉት። ተቀበል ነው ያሉት።

«ሞቶ እንኳን ካልተወ ዘፈኑን ይህ ልጄ፣
ከፍቼ ልጠብቀው ይግባልኝ በደጄ።»

እንዴት እንደተቀበልኩ አላውቅም። ሙሉቀን እንደሚለው ግማሹን ዘፍኜ ግማሹን አልቅሼዋለሁ። በር ላይ የደረሰው ሰው ተመልሶ ገባ፤ እልልታው አዳራሹን ሞላው፤ የትናንቱ ሰርገኛ ተነሥቶ ጨፈረ። ሁለተኛና ሦስተኛ ገቢር የሚባል ነገር ማንም አላስታወሰም። መምህር ይበልጣል መጀመሪያ ራሱን ይዞ ተቀመጠ፤ ኋላ ሰው እየመጣ እጁን ሲጨብጠው «ተመልካችን የሚያሳትፍ አዲስ ስልት ነው» ማለት ጀመረ። እኔ ከመድረክ ወርጄ አባቴ ጉልበት ላይ ተደፋሁ። አነሡኝና ትከሻዬን ያዙኝ።

«ዳግማይ ትንሣኤ ትናንት ነበር» አሉ። «አንተ አንድ ቀን ዘግይተህ ተነሣህ።»

ከዚያ በኋላ ዝም አሉ። ያን ዕለት ዘመድ ቤት አደርን፤ ዝም። ማለዳ አውቶቡስ ተሳፈርን፤ ዝም። እኔ በየመታጠፊያው ተጸጸቱ ይሆን እያልኩ እጨነቃለሁ። ደብረ ወርቅ ልንደርስ ስንል በእኔ በኩል ባለው መስኮት ወደ ውጭ እያዩ ተናገሩ።

«ሁለተኛው ላይ ትንፋሽ አጠረህ።»

«አዎ፣ አባዬ።»

«ልጅ ሳለህም እዚያ ላይ ያጥርሃል።» ፊታቸውን ከመስኮቱ መለሱና፣ «መሞትህን አምኜ እንዳይመስልህ። ቴአትር መሆኑን አውቃለሁ። ብትሞት ኖሮ ብዬ ነው።»

በየመታጠፊያው የሚንሸራተተውን መቋሚያቸውን ያዝኩላቸው።

ቢቸና መናኸሪያ ወረድን። ዕቃም አለን፣ አባቴም ደክሟቸዋል፤ ባጃጅ ጠራሁ። ሾፌሩ ገና ሲያየኝ ጥርሱን ፈገግ አድርጎ ያንን ዘፈን በሙሉ ድምፅ ለቀቀው። ቀንስ ልለው እጄን ዘረጋሁ፤ ተሳቀቅኩ። «ወራጅ አለ» እስኪሉ ጠበቅኩ። አባቴ መቋሚያቸውን በሁለት እጃቸው ይዘው ወደ ውጭ ያያሉ። ገበያውን አለፍን። ቤተ ክርስቲያኑን አለፍን፤ ባርኔጣ እንደሚያወልቅ ሰው ሾፌሩ ድምፁን ዝቅ አደረገና ካለፍን በኋላ መለሰው። አባቴ ተሳለሙ፤ አልወረዱም። ደጃችን ደረስን። ወርጄ ዕቃውን አወረድኩ። እሳቸው አልተነሡም።

«ደርሰናል፣ አባዬ።»

«አለቀ?»

«መንገዱ?»

«ዘፈኑ።»

«ትንሽ ይቀረዋል።»

መቋሚያቸውን በሾፌሩ ወንበር ጀርባ ላይ ቀስ አድርገው መቱ። «እስኪያልቅ ድረስ አንድ ጊዜ አዙረኝ» አሉት።

ባጃጁ እኔን ደጅ ላይ ጥሎ፣ አባቴንና ድምፄን ይዞ ሄደ። እናቴ ድምፁን ሰምታ እየሳለች ወጣች፤ ነገሩን ስነግራት ሳሏ ቆመ። ዞረው እስኪመጡ በሩን ወለል አድርገን ከፍተን ጠበቅናቸው።